የራሜዎች ልጅ



ዛሬ ልነግራችሁ የመጣሁት ስለ አንዲት ጣሊያናዊት ተዋናይት ነው። ፍራንካ ራሜ ትባላለች። ባሏን ዳርዮ ፎን ብዙዎቻችሁ ታውቁት ይሆናል፤ በ1997 በሥነ ጽሑፍ የኖቤል ሽልማት ያገኘው ጸሐፌ ተውኔት፣ አዘጋጅና ተዋናይ እሱ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ ልናገር። ፍራንካን አብዛኛውን ጊዜ የምናገኛት በእሱ ታሪክ መካከል፣ «ባለቤቱና የሥራ አጋሩ» ተብላ በአንድ መስመር ነው። ይህ አነጋገር እጅግ ያንሳታል። የሁለቱ ቴያትር ሳንሱርን፣ ፍርድ ቤትን፣ ፖሊስንና የገንዘብ እጥረትን አልፎ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ መቆም የቻለው እሷ ከአባቷ ቤት ይዛ በመጣችው ሙያ ነው። ዛሬ የምሟገተውም ለዚህ ነው።

በዚህ አዳራሽ ጣሊያን ሲነሳ ቀድሞ ትዝ የሚለን ምን እንደሆነ አውቃለሁ። የሙሶሊኒ ጦር ድንበራችንን ጥሶ የገባው ፍራንካ የስድስት ዓመት ልጅ ሳለች ነው። በዚያው ዘመን፣ በዚያው አገር፣ ሶሻሊስት የሆነ አንድ አባት ልጆቹን ይዞ ከመንደር መንደር እየዞረ ቴያትር ያሳይ ነበር። ከዚህ አባት ቤት የወጣችው ልጅ ዕድሜዋን ሙሉ ከፋሺዝም ወራሾች ጋር ስትታገል ኖራለች። በገላዋም ዋጋ ከፍላለች፤ ወደዚያ እደርሳለሁ።

ፍራንካ ጁላይ 18 ቀን 1929 ከሚላኖ ብዙም በማትርቀው በፓራቢያጎ ተወለደች። መድረክ ላይ የወጣችው በተወለደች በስምንተኛ ቀኗ ነው። ተውኔቱ ሕፃን ይፈልግ ነበርና እናቷ ታቅፋት ገባች። የራሜ ቤተሰብ ከትውልድ ትውልድ በክር የሚንቀሳቀሱ አሻንጉሊቶችን ይዞ በሎምባርዲያ ከተሞችና መንደሮች ሲዞር የኖረ የቴያትር ቤተሰብ ነበር። ሲኒማ እየተስፋፋ ሲመጣ አባቷ ዶሜኒኮና አጎቷ አሻንጉሊቱ ሲኒማን እንደማይችለው ተረዱ። አሻንጉሊቶቹን አስቀምጠው ራሳቸው ወደ መድረኩ ወጡ። የአሻንጉሊት ቴያትሩን ዘዴ ግን አልጣሉትም። ተራራ ሲሰነጠቅ፣ ቤተ መንግሥት ሲፈርስ፣ ሰው በአየር ሲበር ያሳዩበት የነበረውን ብልሃት ሁሉ ለሥጋ ለባሽ ተዋናይ አዋሉት።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ነገሩ ሁሉ የሚጀምረው ከዚህ ነውና። ራሜዎች አንድ መንደር ሲደርሱ አስቀድመው የሚያጣሩት የመንደሩን ወሬ ነበር። ሰሞኑን ምን ሆነ? ማን ከማን ተጣላ? የአጥቢያው ቅዱስ ማን ነው? በዚህ ቦታ ድሮ ምን ተፈጽሟል? ከዚያ የቡድኑ ባለቅኔ የነበረው አጎት ሁሉንም ይሰበስብና ታሪኩን በቃል ይነግራቸዋል፤ ገጸ ባሕርያቱንም ያከፋፍላል። ማን መቼ እንደሚገባ፣ ማን መቼ እንደሚወጣ፣ የትዕይንቶቹን ቅደም ተከተል የያዘ ወረቀት ከመጋረጃው ጀርባ ይሰቀላል። የተጻፈው ይኸው ነው። ቃሉን ተዋናዮቹ እዚያው መድረክ ላይ ይፈጥሩታል። አዝማሪያችን የገባበትን ቤት ወሬ ሰምቶ እዚያው ግጥም እንደሚያደርገው ማለት ነው፤ እንደ አዝማሪም ሙያው ከአባት ወደ ልጅ የሚተላለፍ ነው። ተመልካቹ ከሳቀ ትዕይንቱ ይረዝማል፤ ከቀዘቀዘ ያጥራል። በእንዲህ ያለ ቤት ያደገች ልጅ ቃለ ተውኔት ከማጥናቷ በፊት ተመልካች ማዳመጥ ትማራለች። የሰው ትንፋሽ፣ የወንበር መንቀጭቀጭ፣ ሳል፣ ዝምታ ሁሉ ቋንቋ ይሆንላታል።

እናቷ ኤሚሊያ ባልዲኒ የማዘጋጃ ቤት መሐንዲስ ልጅና አስተማሪ ነበረች። ከቴያትር ጋር ምንም ከማይገናኝ ቤት አግብታ መጥታ ትወናውን ለመደች፤ ልብሱንም መስፋት ያዘች። በራሜዎች ዘንድ ትወና ብቻውን ሥራ አልነበረም። ማታ ንግሥት የሆነችው ሴት ጠዋት መርፌ ትይዛለች። ንጉሡ ጠዋት ሣንቃ ተሸክሞ መድረክ ይገጥማል። ፍራንካ በዚህ ሥርዓት ስላደገች ከተዋናይትነቷ ጎን ለጎን ሒሳብ መያዝንም፣ ጽሑፍ ማረምንም፣ ከአዳራሽ ባለቤት ጋር መከራከርንም እንደ አንድ ሥራ ነው የምታየው። ብዙዎቻችን ዛሬ ይህን ነጣጥለን፣ አንዱን ጥበብ ሌላውን ጓዳ እንላለን። በእኔ እምነት የእሷ ቴያትር የቆየው ይህን ስላልነጣጠለች ነው።

በሃያዎቹ ዕድሜዋ መጀመሪያ ላይ ሚላኖ ወርዳ በሙዚቃና በቀልድ ትርኢት ቡድኖች ተቀጠረች። ረዥም፣ ፀጉረ ወርቅ፣ እጅግ ቆንጆ ነበረችና የሚሰጧት ክፍል ሁሉ ቁንጅናዋን የሚያሳይ ነበር። ዳርዮ ፎን የተዋወቀችው እዚያው ነው። እሱ ደጋግሞ እንደሚያወራው፣ ሊቀርባት ፈርቶ ሲሸሽ እሷው ከመድረክ ጀርባ ግድግዳ አስደግፋ ሳመችው። ጁን 24 ቀን 1954 በሚላኖው ሳንት አምብሮጆ ቤተ ክርስቲያን ተጋቡ፤ በቤተ ክርስቲያን መሆኑ ለሃይማኖተኛዋ እናቷ ሲባል ነበር። በዓመቱ ልጃቸው ያኮፖ ተወለደ።

በ1958 በሁለቱ ስም የሚጠራ ቡድን አቋቋሙ። በዚያው ዓመት ካቀረቧቸው ሥራዎች መካከል «ኮሚካ ፊናሌ» አንዱ ነው፤ የራሜ ቤተሰብ ለዓመታት ሲጫወታቸው ከኖሩ የድሮ ቀልዶች የተሠሩ አጫጭር ተውኔቶች ናቸው። ይህን እንድታስተውሉልኝ እፈልጋለሁ። ፎ ሥዕልና ሥነ ሕንፃ የተማረ፣ ተረት መናገር የተካነ ወጣት ነበር። ተዋናይ በየት በኩል ቢገባ ሰው እንደሚስቅ፣ በር መቼ እንደሚዘጋ፣ ሳቁ ሳያልቅ የሚቀጥለው ቃል መቼ እንደሚወረወር የተማረው ግን ከራሜዎች ነው። ይህን እሱ ራሱ አልካደም፤ በሕይወቱ ሙሉ መስክሯል። መስካሪው እሱ ሆኖ ሳለ፣ ስለ እሱ የጻፉ ሰዎች የዘለሉት ለምን እንደሆነ ዛሬም ይገርመኛል።

ቡድኑ ተወደደ፤ ገንዘብም መጣ። በ1962 የመንግሥት ቴሌቪዥን የሆነው ራይ «ካንዞኒሲማ» የተባለውን፣ አገር ምድሩ የሚጠብቀውን የሙዚቃ ውድድር እንዲመሩ ጠራቸው። የሚላኖና የቱሪኖ ብቻ ሳይሆን የጣሊያን ሕዝብ ሁሉ ሊያያቸው ነው። እነሱም ስለ ሠራተኛው ሕይወት የሚናገሩ አጫጭር ትርኢቶች ይዘው ቀረቡ። አንደኛው በግንባታ ሥራ ላይ ስለሚደርስ አደጋ ነበር። ጊዜው ደግሞ የግንባታ ሠራተኞች አድማ ላይ የነበሩበት ነው። ጣቢያው ይህ ይውጣ፣ ያ ይቆረጥ አለ። ኖቬምበር 29 ቀን ስርጭቱ ሊጀምር ሰዓታት ሲቀሩት ሁለቱም ጥለው ወጡ። ክስ መጣባቸው፤ የቴሌቪዥኑ በርም እስከ 1977 ድረስ ተዘጋባቸው። አሥራ አምስት ዓመት ገደማ ማለት ለአንዲት ተዋናይት የዕድሜዋ እምብርት ነው።

በ1968 ደግሞ በገዛ ፈቃዳቸው ትልልቆቹን የንግድ ቴያትር ቤቶች ተሰናበቱ። ቲኬት መግዛት የሚችለውን ብቻ ማሳቅ በቃን ብለው ወደ ሠራተኛ ክበቦች፣ ወደ ስፖርት አዳራሾች፣ ሥራ ወዳቆሙ ፋብሪካዎች ሄዱ። መጀመሪያ ከኮሚኒስት ፓርቲው ጋር በተቀራረቡ ማኅበራት ጥላ ሥር ነበሩ። ፓርቲውን ሲተቹ ያም አኮረፈ፤ በ1970 «ላ ኮሙኔ» የሚባለውን የራሳቸውን ማኅበር መሠረቱ። ሚላኖ ውስጥ አንድ አሮጌ መጋዘን አዳራሽ ሆነላቸው። ፒኔሊ የተባለ የባቡር ሠራተኛ ለምርመራ ከተወሰደበት ከሚላኖ ፖሊስ መምሪያ መስኮት ወድቆ ስለሞተበት ጉዳይ የተጻፈው፣ ዓለም ሁሉ የሚያውቀው «የአንድ አናርኪስት ድንገተኛ ሞት» በዚያ ዓመት ዲሴምበር ላይ ለተመልካች ቀረበ።

ነፃ ቴያትር የሚለውን ቃል አፋችን ላይ ለምደነዋል። በተግባር ምን ማለት እንደሆነ ግን በላ ኮሙኔ አሠራር ይታያል። ተመልካቹ ቲኬት ገዝቶ የሚገባ እንግዳ አልነበረም፤ መታወቂያ የወሰደ አባል ነበር። ዝግጅቱ የአንድ ክበብ የአባላት ስብሰባ ስለሆነ ፖሊስ እንደ ልቡ መግባት አይችልም፤ የሳንሱር መቀስም አይደርስበትም። በኖቬምበር 1973 ሳሳሪ ከተማ ላይ ፎ ፖሊሶችን አላስገባም በማለቱ ታስሮ ነበር፤ ሰውም ይፈታ እያለ ከደጅ ተሰበሰበ። የነፃነቱ መሠረት እንግዲህ ያቺ ትንሽ መታወቂያ ወረቀት ነበረች። መታወቂያ ደግሞ መታተም አለበት፤ መመዝገብ፣ መከፈል፣ ሒሳቡ መያዝ አለበት። ከየከተማው ጥሪ ሲመጣ የሚነጋገር፣ መኪናውን፣ መብራቱን፣ የተዋንያኑን ማደሪያ የሚያስብ ሰው ያስፈልጋል። ከዚህ ሁሉ ጀርባ የምናገኛት ፍራንካን ነው። ማታ ማታ ደግሞ ትተውናለች።

በዚሁ ጊዜ «ሶኮርሶ ሮሶ» የተባለ የእስረኞች ድጋፍ እንቅስቃሴ ውስጥ ገብታ ነበር። ከእስረኞች ጋር ደብዳቤ ትጻጻፋለች፤ ለጠበቃ የሚሆን ገንዘብ ታሰባስባለች፤ ለቤተሰቦቻቸው ትደርሳለች። በዚህ ሥራ ምክንያት አሜሪካ በ1980 እና በ1983 ለእሷም ለባሏም ቪዛ ከልክላለች። በአገሯ ያሉት ጠላቶቿ ግን ከዚያ ቀደም ብሎም ከቪዛ ክልከላ የከፋ ነገር አድርሰውባታል።

ማርች 9 ቀን 1973 ሚላኖ ውስጥ የቀኝ አክራሪ የሆኑ ወንዶች ከመንገድ ላይ ጠልፈው መኪና ውስጥ ከተቷት። ደፈሯት፤ በሲጋራ አቃጠሏት፤ በምላጭም ቆረጧት፤ ከዚያ ጥለዋት ሄዱ። በወራት ውስጥ ወደ መድረክ ተመለሰች። በ1998 የሚላኖ ዳኛ የምርመራ ሰነድ፣ ድርጊቱ ካራቢኒየሪ ከተባለው ወታደራዊ ፖሊስ መኮንኖች ግፊት እንደነበረበት የሚናገር ምስክርነት ይፋ አደረገ። ጉዳዩ በይርጋ ታግዶ ነበርና የተቀጣ የለም። ይህን ሳነብ የሚቆጨኝን ያህል ሌላ ነገር አይቆጨኝም፤ በምስክርነቱ መሠረት መንግሥት ያስታጠቃቸው ሰዎች አንዲት ተዋናይትን ዝም ለማሰኘት ይህን አስደረጉ።

እሷ ግን ከዚህ ተውኔት ሠራች። «መደፈር» የተባለውን የአንድ ሰው ተውኔት በ1975 ጻፈችው። መጀመሪያ ላይ ከሌላ ሴት ምስክርነት የተወሰደ እንደሆነ እያስተዋወቀች ነበር የምታቀርበው። የመድረክ መመሪያው እጅግ አጭር ነው፤ ባዶ መድረክ፣ መሐል ላይ አንድ ወንበር። ሌላ ምንም የለም። አትጮኽም፤ አትነሣም፤ አጥቂዎቹን አስመስላ አትጫወትም። በአሁን ጊዜ ግስ፣ በአጫጭር ዓረፍተ ነገር፣ ምን እንደሚሰማትና የት ቦታ እንደሚያማት ትናገራለች። መጨረሻ ላይ ሴትዮዋ ፖሊስ ጣቢያ ደጃፍ ትደርሳለች፤ ውስጥ የሚጠብቃትን ጥያቄና የሰዎቹን ፈገግታ ታስባለች፤ ነገ እከሳቸዋለሁ ብላ ወደ ቤቷ ትመለሳለች። ተራራ ሲሰነጠቅ፣ ቤተ መንግሥት ሲፈርስ ከሚታይበት ቴያትር የመጣች ሴት ሁሉንም ትታ አንድ ወንበር ብቻ አስቀረች። ሙያ የምለው ይህን ነው። በ1987 እጅግ ብዙ ሰው በሚያየው የቅዳሜ ማታ የቴሌቪዥን ዝግጅት ላይ ስታቀርበው፣ ለመዝናናት የተቀመጠ አገር በአንድ ጊዜ ጸጥ አለ።

በ1974 ሚላኖ ውስጥ ፓላዚና ሊበርቲ የሚባለውን፣ ድሮ የአትክልት ተራ በነበረ ግቢ ውስጥ የተጣለ ሕንፃ ያዙ። መስኮቱ የረገፈ፣ በቆሻሻ የተሞላ ቤት ነበር። የሰፈሩ ሰው መጥቶ አብሯቸው ጠረገ፤ አጸዳ። ማዘጋጃ ቤቱ ልቀቁ ብሎ ከሰሳቸው፤ እነሱም ተከራክረው ለዓመታት ቆዩ። በዚያው በ1974 ኦክቶበር «አንከፍልም! አንከፍልም!» እዚያ ተከፈተ። የኑሮ ውድነት ያንገበገባቸው የቤት እመቤቶች ከሱፐርማርኬት ዕቃ ሳይከፍሉ ወስደው ቀሚሳቸው ሥር የሚደብቁበት፣ ከዚያም «ድንገት አረገዝን» የሚሉበት ቀልድ ነው። ዋናዋን ሴት የተጫወተችው ፍራንካ ናት።

ከተዋናይትነቷ ሁሉ የምወድላት ግን በዲሴምበር 1977 እዚያው ፓላዚና የተከፈተውን፣ ስለ ሴቶች ኑሮ የሚናገሩ የአንድ ሰው ተውኔቶች ስብስብ ነው። ከእነዚህ አንዱ «መንቃት» ይባላል። አንዲት የፋብሪካ ሠራተኛ አርፍዳ ትነቃለች። ሕፃኑን ታጥባለች፤ በጥድፊያ ፓውደር መስሏት የተፈጨ አይብ ትነሰንስበታለች። ልትወጣ ስትል የቤቱ ቁልፍ ጠፋ። ቁልፉን ለማግኘት የትናንቱን ማታ ከመጀመሪያው ጀምራ እንደገና ትጫወተዋለች፤ ከሥራ ስትገባ፣ ዕቃ ስታስቀምጥ፣ ባሏ ሲመጣ፣ ሲጣሉ፣ ሲታረቁ። ቁልፉን ስታገኝና ስትወጣ ቀኑ እሑድ መሆኑ ይገባታል። ተመልካቹ ከዳር እስከ ዳር ይስቃል። እየሳቀ ግን የአንዲት ሴትን ኑሮ ሙሉ በሙሉ አይቷል፤ በፋብሪካ የምትሠራውን፣ በቤት የምትሠራውን፣ ማንም የማይከፍላትን። አጎቷ ከመጋረጃ ጀርባ ይሰቅለው የነበረው የትዕይንት ቅደም ተከተል እዚህ አለ፤ የአንዲት ሴት የአንድ ማታ ቅደም ተከተል ሆኖ መጥቷል።

አሁን በጣም ወደማስብበት ነገር ልምጣ፤ ወደ ጠረጴዛው። ፎ በየምሽቱ ተውኔቱን ይለዋውጥ ነበር፤ ይጨምራል፣ ያስረዝማል፣ አዲስ ወሬ ያስገባል። ፍራንካ በቴፕ ትቀዳለች፤ ተመልካቹ የት እንደሳቀ፣ የት እንደደከመው ትመዘግባለች። ከዚያ ተቀምጣ ትገለብጣለች፤ ትቆርጣለች፤ ይህ ቦታ ረዘመ፣ ይህች ሴት እንዲህ አትናገርም ትለዋለች። በኤይናውዲ ማተሚያ ቤት በተከታታይ የወጡት የፎ ተውኔቶች የታተሙት በእሷ አዘጋጅነት ነው። ዛሬ አንድ ተርጓሚ ወይም አንድ ተማሪ የሚያነበው ጽሑፍ በእሷ እጅ ያለፈ ጽሑፍ ነው። ብዙዎቹ የሴት ገጸ ባሕርያት ደግሞ ከእሷ የመነጩ ናቸው። ከ1970ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ በሁለቱም ስም የወጡት ሥራዎች ይህን ይመሰክራሉ። በእኔ ግምት ከዚያ በፊት በእሱ ስም ብቻ በወጡትም ውስጥ ድርሻዋ ቀላል አይደለም።

ትዳራቸው ሰላም ብቻ አልነበረም። ፎ ሌሎች ሴቶች ነበሩት፤ እሷም ታውቅ ነበር። ባል ትዳራችን ክፍት ይሁን ብሎ ሲሰብክ ቆይቶ ሚስቱ ሌላ ወንድ ስታገኝ የሚያብድበትን ተውኔት በ1983 አብረው ሠሩ። በ1987 በቀጥታ የቴሌቪዥን ስርጭት ላይ ባሏን እንደምትለይ ተናገረች። ኋላ ታረቁ። በ1995 ፎ ስትሮክ መትቶት ዓይኑ ክፉኛ ሲዳከም ያስታመመችውና ወደ ሥራው የመለሰችው እሷ ናት።

ከዚያ 1997 መጣ። ፎ ሽልማቱ የሁለታችንም ነው አለ። የሽልማቱ ገንዘብ ለአካል ጉዳተኞች ማኅበራት መኪና መግዣ እንዲውል ተደረገ፤ ይህንንም ሥራ የያዘችው ፍራንካ ነበረች። ሽልማቱን የሚሰጠው የስዊድን አካዳሚ ግን አንድ ስም ብቻ ጻፈ። በዚህ አካዳሚው ተሳስቷል ብዬ አምናለሁ። የሸለመው ከመጽሐፍ ይልቅ የመድረክ ቃል፣ በየምሽቱ የሚታደስ፣ ከተመልካች ጋር የሚፈጠር ሥነ ጽሑፍ ነውና። ያንን ቃል ያዳመጠው፣ የቀዳው፣ የቆረጠውና ወረቀት ላይ ያሳረፈው ሰው በሽልማቱ ወረቀት ላይ ሊኖር ይገባ ነበር።

በ2006 ለጣሊያን ሴኔት ተመረጠች፤ በ2008 ምንም ማድረግ አልተቻለም ብላ ለቀቀች። ከፖለቲካው ይልቅ ዘላቂ የሆነው ለዓመታት ያጠራቀመችው ማኅደር ነው። የመድረክ ጽሑፎች፣ የተሠረዙና የተደለዙ ገጾች፣ ፖስተሮች፣ ደብዳቤዎች፣ ውሎች፣ የገቢ ደረሰኞች፤ አንድም አልጣለችም። ከዚያ በኢንተርኔት ላይ እንዲወጣና ማንም ያለ ክፍያ እንዲያየው አደረገች። ጓዳ የምንለው ወረቀት፣ ደረሰኙና ውሉ፣ ከተውኔቱ ጽሑፍ እኩል ተቀምጧል። አንድ ቡድን በአንድ ምሽት ስንት ሰው አየው፣ ስንት ገባ፣ ለአዳራሽ ስንት ተከፈለ የሚለው በዝርዝር ስላለ፣ ነፃ ቴያትር በምን እንደኖረ በቁጥር ማጥናት ይቻላል። የእኛን የመድረክ ታሪክ ለማጥናት የደከማችሁ ሁሉ እንዲህ ያለ ማኅደር ማጣት ምን እንደሆነ ታውቁታላችሁ።

ፍራንካ ራሜ ሜይ 29 ቀን 2013 ሚላኖ ውስጥ በሰማንያ ሦስት ዓመቷ አረፈች። ቀብሯ ላይ ሴቶች ቀይ እንዲለብሱ፣ «ቤላ ቻዎ» እንዲዘመር ቀደም ብላ ተናግራ ነበር፤ እንዳለችው ሆነ። ዳርዮ ፎ እስከ 2016 ኖረ። በዚያው ዓመት ማኅደሩ ቬሮና ከተማ ውስጥ ሙዚየምና የጥናት ቦታ አገኘ። ሥራውን ዛሬ የያዘው ቤተሰቡ ነው፤ ልጃቸው ያኮፖና ከእሱ በኋላ የመጣው ትውልድ።